ነጎድጓድ የላከው ዝምታ

ነጎድጓድ የሚለውን ስም ያወጡለት ወላጆቹ አይደሉም። በወጣትነቱ ከጓደኞቹ ጋር ባቋቋመው የሮክ ባንድ ውስጥ ጊታር ሲጫወት የአዳራሹን መስኮት ያንቀጠቅጥ ስለነበር፣ ተመልካቹ በአንድ ቃል ጠራው፤ እሱም ወዶ ተቀበለው። ባንዱ የፈረሰው በጠብ ሳይሆን በኑሮ ነው። ከበሮ መቺው አግብቶ ወደ አማቱ ሱቅ ገባ፤ ዘፋኙ ድምፁን ለማስታወቂያ አዋለው፤ ቤዝ ተጫዋቹ ደግሞ አንድ ቀን ከልምምድ ቀረና በዚያው ቀረ። ነጎድጓድ ጊታሩንና ማጉያውን ታቅፎ ብቻውን በተቀመጠበት ሰሞን፣ አንድ የሚያውቀው ዳይሬክተር መጥቶ "ለፊልሜ ትንሽ ሙዚቃ ጣል አድርግልኝ" አለው። ያቺ ትንሽ ሙዚቃ የዕድሜ ልክ ሥራው ሆና ቀረች።

ይሠራላቸው የነበሩት ፊልሞች በአንድ ሳሎን፣ በአንድ መኪናና በዘመድ አዝማድ የሚቀረጹ ነበሩ። በዚህኛው ፊልም የባለጸጋ የነበረችው መኪና በሚቀጥለው ታክሲ ሆና ትመጣለች፤ ባለፈው የተቀበረው ተዋናይ ዘንድሮ ሙሽራ ነው። እንዲህ ባሉ ፊልሞች ውስጥ ሙዚቃ ጌጥ ሳይሆን ልብስ መሆኑን ነጎድጓድ ቶሎ ተረዳ። ማይክሮፎኑ ያልያዘውን ንግግር ይሸፍናል፤ ማልቀስ ላቃተው ተዋናይ ጊታሩ ያለቅስለታል። ዳይሬክተሩ ሲያዝዘው የወጥ ቤት ኃላፊ ይመስል ነበር።

"እዚህ ጋ ሐዘን ጨምርበት" ይለዋል። "አይ፣ ገና አልበሰለም። ጨምር።"

እሱም ይጨምራል።

የሚሠራባት ክፍል ከአንድ በያጅ ሱቅ ጋር ግድግዳ ትጋራ ነበር። ግድግዳውን በእንቁላል ካርቶን ሸፍኖታል፤ በሩ ላይ አሮጌ ፍራሽ አቁሟል፤ ይህ ሁሉ ግን መዶሻ አያቆምም። ስለዚህ ሁለቱ ጎረቤታሞች ስምምነት ነበራቸው። ነጎድጓድ ሊቀዳ ሲል በብርጭቆ ግድግዳውን ያንኳኳል፤ በያጁም መዶሻውን አስቀምጦ ሻዩን ይጠጣል። ሻዩ ሲያልቅበት በግድግዳው በኩል ይጣራል።

"ጎረቤት፣ አልቅሳችሁ አልጨረሳችሁም? የሰው መስኮት በእጄ ነው።"

"ትንሽ ታገሠኝ ወንድሜ፤ ልጅቷ ገና አልሞተችም።"

"እንግዲያው ቶሎ ትሙትና እኔም ሥራዬን ልሥራ።"

ነጎድጓድ አንድ የማይተወው ልማድ ነበረው። አዲስ ፊልም በጀመረ ቁጥር፣ ክር ከመንካቱ በፊት ማጉያውን አብርቶ የክፍሉን ዝምታ ይቀዳል። ዝምታ ባዶ እንዳልሆነ ያውቃል፤ የማጉያው ንብ መሰል ድምፅ አለበት፤ የወንበሩ እንጨት አለበት፤ በፍራሹ ሥር ሾልኮ የሚገባ የመንገድ ድምፅ አለበት። ኋላም ሙዚቃው በተቋረጠበት ቦታ ሁሉ ያንን ዝምታ ይጥፍበታል፤ ስፌቱ አይታወቅም።

ፊልሞቹን እየቆረጠችና እየቀጠለች መልክ የምታስይዛቸው ኤዲተር በዚያች ክፍል አንድ ጊዜ ብቻ ተቀምጣለች። ሁለቱ ለዓመታት አብረው የሠሩት በሃርድ ዲስክና በስልክ ነበር። ክርክራቸው ሁልጊዜ ስለ ሌሎች ሰዎች ዐይን ነው፦ ሙዚቃው የሚገባው ተዋናዩ ዐይኑን ከመስበሩ በፊት ነው ወይስ ከሰበረ በኋላ? እሷ "በፊት" ትላለች፤ እሱ "በኋላ" ይላል። በዚህ ጉዳይ ላይ ለሰዓታት ሲሟገቱ፣ በሥራ ምክንያት ሲገናኙ የገዛ ዐይናቸው የት እንደሚያርፍ ግን አንዳቸውም አንሥተው አያውቁም።

ያን ዕለት የመጨረሻውን ፊልም ሃርድ ዲስክ ይዛ ስትመጣ ዝምታውን ሊቀዳ እየተዘጋጀ ነበር።

"ቁጭ በይና ዝም በይ" አላት።

"እስከ መቼ?"

"ክፍሉ እስኪለምድሽ።"

በተገለበጠ ሣጥን ላይ ተቀመጠች። ግድግዳውን አንኳኳ፤ መዶሻው ቆመ። ኤዲተሯ የቤቷን ቁልፎች በእጇ ይዛ በአውራ ጣቷ አንዱን በሌላው ላይ ታሻቸው ነበር፤ እንደምታሻቸው አታውቅም። ከዚያም ቀና ብላ አየችው። ያየችው አንድን ምስል የት ቆርጣ የት እንደምታስቀረው ለመወሰን በምትመለከትበት ዐይን ነበር፤ ነገር ግን አልቆረጠችም። የሚያስፈልገው ዝምታ ከተቀዳ ቆይቷል፤ ነጎድጓድ እጁን ወደ ማቆሚያው አልሰደደም። እሷም "አልበቃህም ወይ?" አላለችውም።

"ጎረቤት" አለ በያጁ ከግድግዳው ወዲያ፣ "ዛሬ ማንም አላለቀሰም። ደህና ናችሁ?"

በአፍንጫዋ ሳቀች። እሱም ማሽኑን አቆመ። የዚያን ዕለቱን ዝምታ ግን ለመጣፊያ አልተጠቀመበትም፤ ለይቶ አስቀመጠው።

*

አባቷ ጡረታ የወጡ ዳኛ ናቸው። ሚስታቸው ካረፉ ወዲህ ከዚህች አንዲት ልጃቸው ጋር ብቻቸውን ይኖራሉ። ነጎድጓድ የፊልሙን የመጀመሪያ ክፍሎች ሙዚቃ የያዘውን ሃርድ ዲስክ ሊያደርስ የሄደ ቀን በረንዳው ላይ ጋዜጣ ይዘው አገኛቸው። እንዲቀመጥ በእጃቸው ወንበር አመለከቱት፤ ጋዜጣቸውንም በሥርዓት አጠፉ።

"ነጎድጓድ የሚባሉት እርስዎ ነዎት?"

"ሰዎች እንደዚያ ይሉኛል።"

"ፊልሞቻችሁን አይቻለሁ፤ ልጄ የሠራችው ነው ብዬ። በአንደኛው ውስጥ አንድ ዳኛ በመዶሻ ጠረጴዛ ይደበድባል። እኔ በወንበሬ ዘመን ሁሉ መዶሻ ይዤ አላውቅም።"

"ሙዚቃውስ እንዴት ነበር?" አለ ነጎድጓድ፤ ባይጠይቅ ይሻለው ነበር።

"መዶሻውን ያቀበለው እሱ መሰለኝ።"

ነጎድጓድ አንገቱን ደፋ። ዳኛው ቁጣ በሌለበት፣ ለብዙ ዓመት ፍርድ ሲያነቡ በኖሩበት ድምፅ ቀጠሉ። ሩቅ አገር ያለ አንድ ታላቅ የፊልም ተቋም ልጃቸውን ጠርቷታል። ይህ ፊልም ሲያልቅ ትሄዳለች። እዚያ የምትሠራው ሥራ ሰው ሁለት ጊዜ የሚያየው ይሆናል።

"ሰው የሚይዘው ነገር ካለ አይሄድም" አሉ። "እርስዎ ክፉ ሰው አይመስሉኝም። ስለዚህ አደራ እላለሁ፤ እንድትቀር አንድ ቃል እንዳይነግሯት።"

አደራ ከባድ ነገር ነው፤ በተለይ ሳይቆጡ ሲሰጡት። "እሺ" አለ።

ኤዲተሯ እስከ በሩ ሸኘችው።

"አባዬ ነገረህ?"

"ነገሩኝ።"

"እና ምን ትላለህ?"

በሩን ገና አልከፈተችለትም፤ ቁልፎቿ በእጇ ውስጥ ይፋጩ ነበር። ነጎድጓድ ጫማውን አየ።

"ጥሩ ዕድል ነው።"

"እሱንስ አባዬም ብሎኛል" አለችና በሩን ከፈተችለት። የበሩ መዝጊያ ሲመለስ ያሰማው ድምፅ፣ ነጎድጓድ በሙያው ከሰማቸው ድምፆች ሁሉ አጭሩ ነበር፤ በጆሮው ውስጥ ግን ረጅም ጊዜ ቆየ።

*

የመጨረሻው ፊልም ስለ አንድ ባልና ሚስት ነበር፤ ዕድሜያቸውን የፈጁበትን ቤት ለቀው ይወጣሉ። በማብቂያው ትዕይንት ዕቃው ተጭኖ፣ በባዶው ሳሎን ውስጥ በሁለት ሣጥኖች ላይ ፊት ለፊት ተቀምጠው መኪናውን ይጠብቃሉ። አይነጋገሩም። ዳይሬክተሩ ትዕይንቱ እንዲያጥር ብዙ ለምኗት ነበር፤ ኤዲተሯ ጆሮ ዳባ ልበስ ብላ እንደ ረዘመ ተወችው። ተሸንፎ ወደ ነጎድጓድ ዞረ።

"አደራህን፣ ሐዘን አፍስስበት። ሰው በባዶ ቤት እንቅልፍ እንዳይወስደው።"

ነጎድጓድ ብዙ ዜማ ሞከረ። አንዱ ያለቅሳል፤ አንዱ ያባብላል፤ አንዱ በአሮጌው የባንድ ዘመን ልማዱ ይጮኻል። ሁሉም ትዕይንቱ ላይ ሲደረቡ የባልና የሚስቱን ፊት የሚሸፍኑ እንጂ የሚገልጡ አልሆኑም። ደጋግሞ ባየው ቁጥር ሣጥኖቹ ላይ ያሉት ሰዎች ሌሎች መሰሉት። በመጨረሻ ጊታሩን መስቀያው ላይ መለሰውና ለይቶ ያስቀመጠውን ዝምታ አወጣ። ከምስሉ ጋር አኖረው። ሣጥኗ ላይ የተቀመጠችው ሚስት ቀና ስትል በድምፁ ውስጥ ቁልፎች ተፋጩ፤ አንድም ነገር ማስተካከል አላስፈለገውም።

አንድ ቃል እንዳይናገር ቃል ሰጥቷል። ይህ ዝምታ ግን ቃል የለበትም። እንዳለ ላከላት።

ስልክ የደወለችው እሷ ነበረች።

"መጨረሻውን አየሁት" አለች። ድምፅዋ የሥራ ድምፅ ነበር። "እንዲህ ሆኖ ነው የሚቀረው?"

"እንደዚያ ነው የፈለግሁት።"

ከወዲያ በኩል ዝም አለች። ነጎድጓድ የሰማችውን እያሰበችበት መሰለው፤ ልቡም መምታቱን ትቶ የሚያዳምጥ ሆነ።

"ገባኝ" አለች፤ ዘጋችውም።

ገባኝ ማለቷን ያዘና ሰነበተ። ከዚያ በኋላ ግን አልደወለችም። ቀን በቀን ላይ ሲደረብ፣ መጀመሪያ ተስፋ ይመስል የነበረው ነገር ቀስ እያለ ኩርፊያን መሰለ፤ ነጎድጓድም ኩራት የነበረው ሰው ነውና ምክንያቱን አልጠየቀም።

*

ፊልሙ ለሠሪዎቹና ለቤተሰቦቻቸው አስቀድሞ የታየው አንድ ረፋድ ላይ፣ በትንሽ የሲኒማ አዳራሽ ነው። ተዋንያኑ ልጆቻቸውን ይዘው መጥተዋል። ዳኛው ሙሉ ልብስ ለብሰው፣ ምርኩዛቸውን በጉልበታቸው መካከል አቁመው ከልጃቸው አጠገብ ተቀምጠዋል። ነጎድጓድ ከኋላ ወንበር ያዘ።

የማብቂያው ትዕይንት ደረሰ። ባልና ሚስት ሣጥኖቹ ላይ ተቀመጡ። በዚያች ቅጽበት ጊታር ገባ።

የራሱ ጊታር ነበር። ካቻምና ለአንድ የወንጀል ፊልም የሠራው፣ ነፍሰ ገዳዩ በመስኮት ሲገባ የሚሰማው ሙዚቃ፣ አዝግሞ እንዲሄድ ተደርጎ ተለጥፎበታል። አዳራሹ ውስጥ አንዲት ሴት አፍንጫዋን በመሐረብ ጠረገች፤ ዳይሬክተሩ በእርካታ ራሱን ነቀነቀ። ነጎድጓድ ብቻ በቢላዋ የተወጋ ያህል ተነሣ። ልቡን ላከላት፤ እሷ ነፍሰ ገዳይ መለሰችለት። መልሱ ግልጽ ነው ብሎ ሰውን እየረገጠ ወደ ኮሪደሩ ወጣ።

የአሮጌ ፊልሞች ፖስተር በተለጠፈበት ግድግዳ ሥር ቆሞ ሳለ ተከትላው መጣች።

"ሳያልቅ ትወጣለህ?"

"ነፍሰ ገዳዩን ሰጠሽኝ" አላት።

"ሌላ ምን ልስጥህ? ያንተው ሥራ ነው። አዲስ አልሠራህልኝም።"

"ሠርቼ ልኬልሽ ነበር።"

"ባዶ ነው የላክልኝ።" ድምፅዋ ከፍ አላለም፤ ቃሎቿ ግን አንድ በአንድ ይወድቁ ነበር። "ሙዚቀኛ ሥራው ሲሰለቸው መጨረሻውን ባዶ ትቶ ይሄዳል፤ አውቃለሁ፤ ስንቱን አይቻለሁ። ከአንተ ግን አልጠበቅሁም። አብረን ከሠራነው ሁሉ የመጨረሻው ነበር። ጥሩ ዕድል ነው ብለህ ሸኘኸኝ፤ ከዚያ እጅህን ታጠብህ። እኔም ባዶ ሆኖ ሰው ፊት እንዳይቀርብ በአሮጌው ሸፈንኩልህ። ስምህ ያለበት ፊልም ነው።"

ነጎድጓድ፣ "በምን ሰማሽው?" አላት።

"በምን እሰማዋለሁ? በቢሮው ኮምፒውተር ነዋ።"

ቢሮውን ያውቀዋል። ጣሪያው ላይ እየተንጓጓ የሚዞር ማራገቢያ አለ፤ ጠረጴዛው ላይ የክብሪት ቀፎ የሚያህሉ፣ ቀጭን ድምፅ የሚውጡ ስፒከሮች። የሙያው የመጀመሪያ ትምህርት ሥራህን በመጥፎው ስፒከር አድምጠው የሚል ነው፤ ነጎድጓድ ለሠራው ሁሉ ይህን ሲጠብቅ ኖሯል። ይህን አንዱን ግን ሥራ ነው ብሎ ስላላሰበው፣ በእንቁላል ካርቶኖቹ መካከል ብቻ አዳምጦ፣ ሰው ሁሉ በእሱ ጆሮና በእሱ ክፍል ውስጥ የሚሰማው አስመስሎ ላከው።

"ባዶ አይደለም" አለ ቀስ ብሎ። "ነይ፣ እዚህ ስሚው።"

"ምኑን?"

"ካዳመጥሽው በኋላ ባዶ ነው ካልሽ፣ ነፍሰ ገዳዩ ይቀመጥ።"

*

አዳራሹ ባዶ ሆኖ ነበር። ተመልካቹ በፊተኛው በር ወጥቶ ደጅ ላይ ይሳሳቃል። ዳኛው ብቻ ልጃቸውን እየጠበቁ ከቦታቸው አልተነሡም። ዳይሬክተሩ ላፕቶፑን ሊነቅል ሲል ኤዲተሯ አስቆመችው።

"የመጨረሻውን ትዕይንት በመጀመሪያው ድምፅ ክፈተው። የላከው እዚያው ውስጥ አለ።"

"ባዶውን? እንቅልፍ ሊወስደን?"

"ክፈተው።"

እያጉረመረመ ከፈተ። ሳሎኑ፣ ሣጥኖቹ፣ ባልና ሚስቱ በመጋረጃው ላይ ተመለሱ። በመጀመሪያ የተሰማው ንብ የሚመስለው የማጉያው ድምፅ ነው፤ በትልልቆቹ የአዳራሹ ስፒከሮች አዳራሹን ቀስ ብሎ ሞላው። ከሩቅ አንድ መዶሻ ብረት ላይ ሲቀመጥ ተሰማ። እንጨት ሲጢጥ አለ። ከዚያ ትንፋሽ ተሰማ፤ ረጋ ያለ፣ ቅርብ። ጥቂት ቆይቶ ሌላ ትንፋሽ፣ ከፊተኛው እየቀደመና እየተከተለ። ከመካከላቸው፣ ዝናብ ሊጀምር ሲል ቆርቆሮ ላይ እንደሚወርድ የመጀመሪያ ጠብታ፣ ቁልፎች ተፋጩ።

የኤዲተሯ እጅ ሳታዝዘው ወደ ኪሷ ሄደ። ቁልፎቹ እዚያው ነበሩ።

"አስቁሙት" አሉ ዳኛው ከመቀመጫቸው።

ዳይሬክተሩ አስቆመና፣ "ይቅርታ አባቴ፣ የሆነ የቢሮ ጫጫታ ገብቶበት ነው" አለ።

"የቢሮ አይደለም። የልጄ ቁልፍ ነው።" ሽማግሌው ወደ ኋላ አልዞሩም። "ስትጨነቅ በአውራ ጣቷ ታሻቸዋለች። እናቷ ካረፈች ጀምሮ ማታ ማታ ወደ ቤት ከመግባቷ በፊት በር ላይ ቆማ እንዲህ ታደርጋለች። እኔ ውስጥ ሆኜ እሰማታለሁ። ፊቷን አስተካክላ እስክትገባ እጠብቃለሁ።"

"አባዬ፣ ትሰማኝ ነበር?"

"ምን ብዬ ልንገርሽ?" አሉ። ጉሮሯቸውን ጠረጉ። "የሌላኛው ትንፋሽ የማን ነው?"

"የእኔ ነው" አለ ነጎድጓድ።

"በዚያ ጊዜ ምን ትነጋገሩ ነበር?"

"ምንም።"

"ይህን ያህል ጊዜ ምንም?"

"ምንም፣ ጌታዬ።"

"አደራ ብዬዎት ነበር።"

"አንድ ቃል አልተናገርኩም።"

"እውነት ነው፤ አልተናገሩም።" ዳኛው ምርኩዛቸውን ከጉልበታቸው አንሥተው በጎናቸው አጋደሙት፤ ከዚያም ከወንበሩ ጀርባ ዞረው ለመጀመሪያ ጊዜ ዐይን ለዐይን አዩት። "እኔ በተቀመጥኩበት ወንበር ፊት ዝም ያለ ሰው መልስ ሰጠ አይባልም። አደራዬን አንሥቼልሃለሁ። በል ተናገር።"

ነጎድጓድ በዘመኑ መስኮት ያንቀጠቀጠ ሰው ነው። ለስንቱ ተዋናይ አልቅሶለታል፤ ለስንቷ ሙሽራ ዘፍኖላታል። አሁን ግን ልባስ የሚሆን ጊታር በእጁ አልነበረም።

"አትሂጂ" አላት።

ከእሷ አልፎ የሚሰማ ድምፅ አልነበረም፤ ማለፍም አላስፈለገውም።

ኤዲተሯ ለረጅም ጊዜ አየችው፤ ያን ዕለት በክፍሉ ውስጥ ባየችው ዐይን፣ የት እንደሚቆረጥ የማታውቅ ሆና። "ይቺን የት ደብቀሃት ኖረሃል?"

"እዚያው ውስጥ ነበረች" አለ ወደ መጋረጃው እያመለከተ።

"የጠሩሽን ሰዎች ምን ትያቸዋለሽ?" አሉ ዳኛው። "ተቀበልኩ ብለሽ ጽፈሽላቸዋል።"

"እጽፋለሁ ነው ያልኩህ፣ አባዬ። አልጻፍኩም። እሱ አንድ ነገር እስኪል ስጠብቅ ቀኑ ሄደ። ዛሬ እጽፋለሁ።"

"ምን ብለሽ?"

"ሥራ አለብኝ ብዬ። የዚህን ፊልም መጨረሻ መልሼ መሥራት አለብኝ።"

ዳይሬክተሩ እጁን ወደ ላይ ዘረጋ። "እኔን የሚጠይቀኝ ሰው የለም? ሐዘኑስ?"

"በዝቶበት ነበር" አሉ ዳኛው። ከዚያም በአጠገባቸው ያለውን ባዶ ወንበር በመዳፋቸው መታ መታ አደረጉት። "ና፣ ተቀመጥ" አሉት ነጎድጓድን፤ ለዳይሬክተሩም፣ "አንተ ደግሞ ከመጀመሪያው ድገመው፤ እስካሁን የሰማሁት በጭንቀት ነው።"

ነጎድጓድ ተቀመጠ። ኤዲተሯም ከእሱ ወዲያ ተቀመጠች። ባልና ሚስቱ ዳግመኛ በመጋረጃው ላይ ፊት ለፊት ተገናኙ፤ ማጉያው አዳራሹን ሞላው፤ መዶሻው ከሩቅ ብረት ላይ ተቀመጠ። ቁልፎቹ በስፒከሩ ውስጥ ሲፋጩ የእሷ ቁልፎች በመዳፏ ውስጥ ጸጥ ብለው ነበር። ትንፋሾቹ ቀደሙ፣ ተከተሉ፤ ከመቀመጫዎቹ የሚሰማውም ትንፋሽ ከእነሱ ጋር ተቀላቀለና የትኛው የዚያን ዕለት፣ የትኛው የዛሬ እንደሆነ መለየት አስቸገረ። በዚህኛው ዝምታ ውስጥ የሚጠባበቅ ሰው አልነበረም።